ሊንዳ ከማግባቷ በፊትም ፎቶ አንሺ ነበረች
እዚህ ስለ ፎቶ አንሺዋ ሊንዳ ማካርትኒ የወጣው ጽሑፍ «ስም ያገኘችው በባሏ ነው» ይላል፤ ልክ አይደለም። የቢትልስ ባንድ ሙዚቀኛ የነበረውን ፖል ማካርትኒን ያገባችው በ1969 እ.ኤ.አ. ነው። ጊታር ተጫዋቹን ኤሪክ ክላፕተንን ያነሳችው ፎቶ ግን ከዚያ በፊት፣ በ1968 ሮሊንግ ስቶን በተባለው የአሜሪካ የሙዚቃ መጽሔት ሽፋን ላይ ወጥቷል። ሴት ያነሳችው ፎቶ እዚያ ሽፋን ላይ ሲወጣ የመጀመሪያው ነበር! ነገሩ እኔንም ይነካኛል። እዚህ ድሬዳዋ የሬዲዮ ዘጋቢ ነኝ፤ ባለቤቴ ጊታር ይጫወታል። ከዚራ ሰፈር መቅረጫ ይዤ ስቆም ሰው ቀድሞ የሚጠይቀኝ «እሱ የት አለ?» ብሎ ነው። እሱ ከሠርግ ሌሊት ዘጠኝ ሰዓት ይገባል፤ እኔ አሥራ ሁለት ሰዓት ዜና አለብኝ። ከላይ በአስተያየትሽ «ባሏ ዝነኛ፣ ምን ጎደላት?» ላልሽው እህቴ፦ በራሷ ሥራ መጠራት ነዋ የጎደላት። እኔ ስለ ባለቤቴ የሙዚቃ ባንድ አንድም ዘገባ ሠርቼ አላውቅም። አለቃዬ ሲጠይቀኝም «ለሌላ ሰው ስጡት» እላለሁ።