የዙሪክ ክምችት፣ የደብረ ብርሃን ወረፋ

በምኖርበት በስዊዘርላንድ ሰው የውጭ ምንዛሪ የሚባል ነገር መኖሩን የሚያስታውሰው ለዕረፍት ድንበር ሲሻገር ብቻ ነው። በተወለድኩበት በሰሜን ሸዋ ግን ዶላር በዓይኑ አይቶ የማያውቅ ገበሬ ሳይቀር ስለ ዶላር እጥረት ያወራል፤ የምንጃሩ ጤፍ አምራች የሚጠብቀው ማዳበሪያም ሆነ የመንዙ ሕመምተኛ የሚፈልገው መድኃኒት ከውጭ የሚገዛው በዚያው በጠፋው ገንዘብ ነውና። ሁለቱም አገሮች ብሔራዊ ባንክና የውጭ ምንዛሪ ክምችት አላቸው። ክምችቱን የሚይዙበት ምክንያት ግን የሰማይና የምድር ያህል ይራራቃል።

ክምችት ሲባል ብዙ ሰው በካዝና የተደረደረ የዶላር ኖት ይመስለዋል። አብዛኛው ግን የአሜሪካና የአውሮፓ መንግሥታት የዕዳ ሰነድ፣ በሌሎች ማዕከላዊ ባንኮች የተቀመጠ ተንቀሳቃሽ ሒሳብና ወርቅ ነው። የሚያዘውም የውጭ ሻጭና አበዳሪ ክፍያው በደረሰ ቀን የሚቀበለውን ገንዘብ በእጅ ለማግኘት ነው። በልማድ ቢያንስ የ3 ወር የገቢ ዕቃ ወጪ መሸፈን አለበት ይባላል፤ በ1 ዓመት ውስጥ ከሚከፈለው የውጭ ዕዳ ጋር የሚያነጻጽሩትም አሉ። ይፋ የሚደረገው አኃዝ ግን ብቻውን አያስተማምንም። ታይላንድ እ.ኤ.አ. በ1997 ባህት የተባለ ገንዘቧን ከውድቀት ለማዳን ስትታገል ክምችቷ በወረቀት ላይ በቂ ይመስል ነበር፤ አብዛኛው ወደፊት ዶላር ለማስረከብ በተገባ ውል የተያዘ መሆኑ የታወቀው ዘግይቶ ነው። በዚያው ዓመት ጁላይ 2 ቀን ባህትን ለገበያው ለቀቀችው፤ ከዚያ ወዲህ ብዙ የእስያ አገሮች ዶላር ማከማቸትን እንደ አገር መከላከያ ያዩታል።

ነገሩ ለሸዋ አዲስ አይደለም። በንጉሥ ሣህለ ሥላሴ ዘመን ከአንኮበር ግርጌ ባለው የአልዩ አምባ ገበያ ሕዝቡ ለዕለት ግብይት አሞሌ ጨው ሲጠቀም፣ ለትልቁና ከባሕር ጠረፍ ጋር ለሚደረገው ንግድ የሚፈለገው ግን የማርያ ቴሬዛ ጠገራ ብር ነበር። የኦስትሪያዋ ንግሥት ማርያ ቴሬዛ ከሞተች በኋላም 1780 የሚል ዓመት እየተቀረጸበት የሚመታውን ይህን ብር የአንኮበር ቤተ መንግሥት ሊሠራው አይችልም፤ ሊያገኘው የሚችለው ሌላው የሚፈልገውን ዕቃ ሸጦ ነው። የዛሬው ዶላርም ለእኛ እንዲሁ ነው።

ለስዊዞች ግን እንዲህ አይደለም። የዩሮ ቀውስ ያሸበረው ሁሉ ገንዘቡን ወደ ፍራንክ ሲያሸሽ፣ ፍራንክ ከመጠን በላይ ከበረ፤ የሰዓትና የማሽን ምርቶችም ለውጭ ገዢ ዋጋቸው እየተወደደ ሄደ። ስለዚህ ብሔራዊ ባንኩ እ.ኤ.አ. በሴፕቴምበር 2011 አንድ ዩሮ ከ1.20 ፍራንክ በታች እንደማይወርድ አስታወቀ፤ ይህንንም ለማስጠበቅ ፍራንክ እየፈጠረ ዩሮና ዶላር ገዛ። በጃንዋሪ 2015 ይህን የዋጋ ወለል በድንገት ቢያነሣውም የገዛው ተከማችቶ ቀረ። የእኛ ባንክ ብር እንዳይወድቅ ዶላር ይሸጣል፤ የእነርሱ ፍራንክ እንዳይከብር ዶላር ይገዛል። ከዚህ የበለጠ የሚያስቀና የኢኮኖሚ ችግር አላውቅም።

ቢሆንም ክምችቱ ትርፍ ሀብት አይደለም። የተገዛበት ፍራንክ በባንኩ ላይ ዕዳ ሆኖ ተመዝግቧል፤ የተያዘውም ሰነድና አክሲዮን ዋጋው ሲወርድ ኪሳራ ያመጣል። እ.ኤ.አ. በ2022 ባንኩ 132 ቢሊዮን ፍራንክ ያህል ከሰረ፤ ከትርፉ ይካፈሉ የነበሩት ካንቶኖችም (የስዊዝ ክፍለ ግዛቶች) ባዶ እጃቸውን ቀሩ። ወርቅን በተመለከተ ደግሞ እ.ኤ.አ. በ2014 ከባንኩ ሀብት ቢያንስ 20 በመቶው ወርቅ ይሁን፣ አይሸጥ፣ ሁሉም በአገር ውስጥ ይቀመጥ የሚል ሐሳብ ለሕዝብ ቀርቦ 77 በመቶው መራጭ ውድቅ አደረገው። ትክክል ይመስለኛል፤ በጭንቅ ቀን ሊሸጥ የማይችል ወርቅ ጌጥ እንጂ ክምችት አይባልም።

ወደ ደብረ ብርሃን እንመለስ። የአክስቴ ልጅ በዋናው መንገድ ዳር የከባድ መኪና መለዋወጫ ይሸጣል፤ ዕቃውን የሚያመጣው ከአዲስ አበባው ሶማሌ ተራ ነው። እጥረቱ በከፋበት ጊዜ አስመጪው ለኤልሲ (ባንክ ለውጭ ሻጭ ለሚሰጠው የክፍያ ዋስትና) ባንክ ተመዝግቦ ወራት ይጠብቃል፤ ዶላሩ ሲታጣ ከጥቁር ገበያ ይገዛል፤ በዚያ ዋጋ የመጣውን የነዳጅ ፖምፓ የአክስቴ ልጅ «የዛሬ ዋጋ ነው፣ ለነገ አልዋስም» ብሎ ይሸጠዋል። ገንዘቡ ያልሞላለት ባለመኪና ሲኖትራኩን ሸራ አልብሶ ያቆመዋል። በዙሪክ ባንክ መዝገብ ላይ ቁጥር ሆኖ የሚቀረው ነገር እዚህ የቆመ መኪና ይሆናል።

በእነዚያ ዓመታት የአገሪቱ ክምችት የአንድ ወር ገቢ ዕቃ እንኳ የማይሸፍንበት ጊዜ ነበር። በታኅሣሥ 2016 ዓ.ም. መንግሥት የ1 ቢሊዮን ዶላር ቦንዱን 33 ሚሊዮን ዶላር ወለድ ሳይከፍል ቀረ፤ አበዳሪዎችን ሁሉ በእኩል ለማየት ነው የሚል ምክንያትም ሰጠ። ሐምሌ 22 ቀን 2016 ዓ.ም. የብር ዋጋ በገበያ እንዲወሰን ሲደረግ፣ በባንክ 57 ብር ገደማ የነበረው ዶላር በሳምንታት ውስጥ ከ100 ብር አለፈ። ላኪዎች ከሚያገኙት ዶላር ለብሔራዊ ባንክ እንዲያስረክቡ የነበረባቸው ግዴታም ተነሣ። ርምጃው ለደመወዝተኛው መራራ ነበር፤ የውሸት ዋጋ ይዞ መቆየት ግን ያለችውን ጥቂት ዶላር ወረፋው ላስቀደመው እየሰጡ መጨረስ ነበር።

ከውጭ የምንኖረው ሰዎች በዚህ ጉዳይ ንጹሕ ታዛቢዎች አይደለንም። በጥቁር ገበያ የሚላክ ዶላር ኢትዮጵያ አይገባም፤ ደላላው ፍራንኩን ወይም ዶላሩን እዚሁ ተቀብሎ በዱባይ ወይም በቻይና ለሚገዛ አስመጪ ያውለዋል፣ ደብረ ብርሃን ላለችው እናት ደግሞ ተባባሪው ብሩን ይቆጥርላታል። እናት አልተጎዳችም፣ እንዲያውም ብዙ ብር አግኝታለች፤ ባንኩ ግን ያንን ዶላር አላየውም፤ ስለዚህ ለማዳበሪያም ለመድኃኒትም ሊያውለው አይችልም። የባንኩና የጥቁር ገበያው ዋጋ ልዩነት በሰፋ ቁጥር ገንዘብ ላኪው ባንኩን ይሸሻል፤ ሲጠብ ደግሞ ያለ ስብከት ይመለሳል።