ቢግ ባንግን ያመጡት ቄስ ናቸው

አቦ ወንድሜ፣ ትናንት ከዚራ ዛፍ ጥላ ስር «ቢግ ባንግ ከሃዲዎች እግዜርን ለመካድ የፈጠሩት ነው» ያልከው ልክ አይደለም። ጽንፈ ዓለም እጅግ ጥቅጥቅ ካለ ጅማሬ ተነስቶ እየሰፋ መጣ የሚለውን ይህን ሐሳብ ያመጡት የካቶሊክ ቄስ ናቸው! ቤልጅየማዊው አባ ጆርጅ ለሜትር። እ.ኤ.አ. በ1923 ክህነት ተቀበሉ። በ1927 ጽንፈ ዓለም እየሰፋ መሆኑን በሒሳብ አሳዩ። በ1931 ደግሞ ሁሉም ነገር ከአንድ «ጥንታዊ አቶም» ተነሳ አሉ።

ስሙን እንኳ እሳቸው አላወጡትም። ሐሳቡ ያልተዋጠለት እንግሊዛዊው የሥነ ፈለክ ተመራማሪ ፍሬድ ሆይል በ1949 በቢቢሲ ሬዲዮ ጣል ያደረጋት ቃል ናት፣ ተለጥፋ ቀረች።

ደግሞ «እንግዲያው ሳይንስ ፍጥረትን አረጋገጠልን» ብለህ ወደ ሌላው ጫፍ እንዳትሮጥ። የሮማው ጳጳስ ፒዮስ 12ኛ በ1951 ወደዚያ ያዘነበለ ንግግር ሲያደርጉ፣ ቅር የተሰኙት ራሳቸው አባ ለሜትር ነበሩ።