ምድር ክብ የሆነችበት ቀን

በምናባዊ ልቦለድ ውስጥ ዓለምን ማጥፋት ርካሽ ነገር ሆኗል። ደራሲው በአንድ ምዕራፍ ሰማዩን ይቀድዳል፣ ጨረቃን ይሰነጥቃል፣ ከተሞችን በአስማት እሳት ይለበልባል፤ በሚቀጥለው ምዕራፍ ግን ገበያው እንደ ወትሮው ይቆማል፣ ገጸ ባሕርያቱም ካቋረጡት ጠብ ይቀጥላሉ። የጄ. አር. አር. ቶልኪን የኑሜኖር መስመጥ ከዚህ የሚለየው ማዕበሉ ስለገዘፈ አይመስለኝም። ያ ጥፋት ከዓለሙ ላይ አንድ ነገር ነጥቆ ይወስዳል፣ የወሰደውንም አይመልስም።

ታሪኩ የታተመው ደራሲው ከሞቱ ከአራት ዓመት በኋላ፣ እ.ኤ.አ. በ1977፣ በልጃቸው በክሪስቶፈር አዘጋጅነት ነው። ኑሜኖር በጨለማው ጌታ ላይ በተደረገው ጦርነት ኤልፎች ከተባሉት የማይሞቱ ፍጡራን ጎን ለቆሙ ሰዎች ዋጋ ትሆን ዘንድ ከባሕር የወጣች፣ ባለ አምስት ጫፍ ኮከብ የምትመስል ደሴት ናት። ለነዋሪዎቿ ከሌላው ሰው የረዘመ ዕድሜ ተሰጥቷቸዋል፤ የመጀመሪያው ንጉሣቸው ኤልሮስ 500 ዓመት ኖሯል። የተከለከሉት አንድ ነገር ብቻ ነበር፦ የደሴታቸው ዳርቻ ከዓይናቸው እስኪሰወር ድረስ ወደ ምዕራብ እንዳይቀዝፉ። በዚያ አቅጣጫ ሞት የማይነካቸው የሚኖሩባት አማን የተባለችው ምድር አለችና።

ውድቀታቸውም በአንድ ቀን የመጣ ሳይሆን እንደ ብል ውስጥ ለውስጥ ሲበላቸው የኖረ ነው። ሰዎቹ ሞትን መፍራት ጀመሩ፤ እየፈሩት ሲሄዱ ዕድሜያቸው አጠረ፣ ባጠረ ቁጥርም ይበልጥ ፈሩት። ታላላቅ የመቃብር ቤቶችን አሠሩ፤ ጠቢቦቻቸው ሕይወትን መመለሻ ሲሹ ኖረው የደረሱበት ነገር ቢኖር ሬሳ ሳይበሰብስ ማቆየት ብቻ ነበር። የመጨረሻው ንጉሥ አር-ፋራዞን የዚያ የጨለማ ጌታ ዋና አገልጋይ የነበረውን ሳውሮንን ማርኮ ወደ ደሴቱ አመጣው፤ ምርኮኛውም ሦስት ዓመት ሳይሞላው የንጉሡ የቅርብ መካሪ ሆነና ሰው የሚሠዋበት መቅደስ አሠራ።

ከዚህ ሁሉ ውስጥ እኔን የያዘችኝ አንዲት ትንሽ ትዕይንት ናት። በንጉሡ ግቢ የቆመው ነጩ ዛፍ ሊቆረጥ መሆኑ ሲሰማ፣ ወጣቱ ኢሲልዱር መልኩን ለውጦ በሌሊት ገባ፣ ከዛፉ አንዲት ፍሬ ቀጠፈና ዘበኞች እያቆሰሉት አመለጠ። ፍሬዋ በምሥጢር ተተከለች፤ እርሱም በጸደይ የመጀመሪያው ቅጠሏ እስኪፈታ ድረስ በሞትና በሕይወት መካከል ተኝቶ ቆየ። ዛፉ ግን በመቅደሱ መሠዊያ ላይ ተቃጠለ፣ ጢሱም ሰባት ቀን በአገሩ ላይ አንዣበበ። ደሴቲቱ በዚያ ሳምንት ሞታለች ብል ያጋነንሁ አይመስለኝም፤ ባሕሩ ቀብሯን ብቻ ነው የፈጸመው።

ንጉሡ ሞትን በጦር ሊያሸንፍ መርከቦቹን አስከትቶ ወደ ምዕራብ ዘመተ፤ የአማንን ምድርም ረገጠ። ያን ጊዜ ዓለሙን የሚጠብቁት ኃያላን፣ ቫላር የሚባሉት፣ ሥልጣናቸውን አኑረው ወደ ፈጣሪው ወደ ኢሉቫታር ጮኹ፤ እርሱም የዓለሙን ቅርጽ ለወጠው። ባሕሩ ተሰንጥቆ መርከቦቹን ዋጠ፣ መርከቦቹ በሄዱ በ39ኛው ቀንም ኑሜኖር ሰጠመች። ዝርግ የነበረችው ምድር ተጠቅልላ ክብ ሆነች፤ አማንም ከዓለሙ ተነቅላ ተወሰደች።

የአማርኛ አንባቢ እዚህ ላይ ብዙው ነገር እንግዳ አይሆንበትም። ሙሉ ይዘቱ በግእዝ ብቻ ተጠብቆ የቆየው መጽሐፈ ሄኖክ፣ ትጉሃን የተባሉ 200 መላእክት በኤርሞን ተራራ ላይ እንደወረዱ፣ ለሰው ልጅ ሰይፍ መቀጥቀጥንና ሥራይን እንዳስተማሩ፣ የጥፋት ውኃም እንደተከተለ ይነግረናል። እዚያ የላይኛው ወደ ታች ይወርዳል፤ በኑሜኖር የታችኛው ወደ ላይ ሊወጣ ይሞክራል። ከዚህ የሚበልጠው ልዩነት ግን ውኃው ከጎደለ በኋላ ያለው ነው። ኖኅ ከመርከቡ ሲወርድ ምድር ያችው ምድር ናት፣ ወይንም ይተክልባታል። ለቀድሞው ሕግ ታማኝ ሆነው በዘጠኝ መርከብ ያመለጡት የኢሲልዱር አባት ኤሌንዲልና ልጆቹ ግን የወረዱባት ምድር ቅርጿ ሌላ ሆኖ ጠበቃቸው። መርከበኞቻቸው የጠፋውን ምዕራብ ፍለጋ ወጥተው ሞት የሰለጠነባቸው ሌሎች አገሮችን አገኙ፤ ከሁሉ ርቀው የሄዱት ደግሞ ምድርን ዞረው፣ ደክመው፣ ከተነሡበት ወደብ ደረሱ። ለእኛ ምድርን መዞር የጀግንነት ታሪክ ነው። ለእነርሱ የእስረኛ ዙረት ነበር።

የሚቆረቁረኝም አለ። ከታማኞቹ በቀር በደሴቲቱ የቀረው ሁሉ በደለኛ ስለነበር ፍርዱ ትክክል ነው ማለት አይዋጥልኝም። ሕፃናቱም አብረው ሰጥመዋል። ዙፋኑ በሕግ የሚገባት ታር-ሚሪኤል አር-ፋራዞን ያለ ፈቃዷ አግብቷት ሥልጣኗን የነጠቃት ሴት ነበረች፤ በመጨረሻው ሰዓት ወደ ተቀደሰው ተራራ ጫፍ ስትወጣ ማዕበሉ ከመንገድ ቀደማት። ዋናው ነገር ሠሪ ሳውሮን ግን ሥጋውን ብቻ አጥቶ መንፈሱ ወደ መካከለኛው ምድር ተመለሰች። ቶልኪን ይህን አያስተባብሉም፣ ሰበብም አይደረድሩለትም፤ ዘገየች ብለው ያልፋሉ። በእኔ ዕይታ ታሪኩን ከስብከት ያዳነው ይህ ዝምታ ነው።

ቶልኪን በደብዳቤዎቻቸው እንደጻፉት፣ አረንጓዴ ምድር ላይ የሚነሣ ግዙፍ ማዕበል በሕልማቸው እየተመላለሰ ያስጨንቃቸው ነበር፤ ሕልሙንም ፋራሚር ለተባለው ገጸ ባሕርያቸው አውርሰውታል። ማዕበሉ እንግዲህ ከሕልም የመጣ ሊሆን ይችላል። የተቆረጠው መንገድ ግን የደራሲ ሥራ ነው፤ ከሁሉ ጎልቶ የሚታየኝም ኤሌንዲል ወደ ባሕሩ በሚመለከት ግንብ ውስጥ ባኖረው የማያ ድንጋይ ላይ ነው። ያ ድንጋይ የምድርን ክብነት ሳይከተል በቀድሞው ቀጥተኛ መስመር ያያል። ሽማግሌው ንጉሥ ወደ ግንቡ እየወጣ በድንጋዩ ውስጥ የዚያን ማዶ ግንብ አሻግሮ ያይ ነበር፤ ከታች በወደቡ የቆሙት መርከቦቹ ግን ወደዚያ የሚያደርስ ውኃ አልነበራቸውም።