የሁሉም ዘመድ በሞሃቬ በረሃ

ባለፈው ፋሲካ ሁለት ቦታ ምሳ በላሁ። ስድስት ሰዓት ላይ አክስቴ ቤት፣ ስምንት ሰዓት ላይ አጎቴ ቤት። እህትና ወንድም ናቸው። በአያቴ ውርስ ከተኳረፉ ቆይተዋል። ስንት ዓመት እንደሆነ አልቆጥርም፤ መቁጠር ራሱ ወገን መያዝ ነው። አክስቴ ጠቡን ከቀብሩ ማግስት ትጀምረዋለች፣ አጎቴ ደግሞ ከቀብሩ በፊት። የሚጣሉበት ቤቱ፣ ጓሮውና የት እንደገባ የማይታወቅ አንድ ቢጫ ድስት ነው።

ሁለቱም የእነሱ ወገን እመስላቸዋለሁ። እኔ ደግሞ ለአንዳቸውም «ካንቺ ጋር ነኝ»፣ «ካንተ ጋር ነኝ» ብዬ አላውቅም። ያልኩት «እሺ» ብቻ ነው። እሺ ማለት ደግሞ ብዙ ነገር ነው። ሰምቻለሁ ማለት ነው፣ ይብቃን ማለት ነው፣ ወጡ እንዳይቀዘቅዝ ማለት ነው።

ማታ የሁለት ዶሮ ወጥ ሆዴን ተሸክሜ ቤቴ ገባሁና ጌሜን ከፈትኩ። ፎልአውት፦ ኒው ቬጋስ ይባላል። በፈረንጆቹ 2010 የወጣ አሮጌ ጌም ነው። ላፕቶፔም ከዚያ ወዲህ የመጣውን መሸከም ስለማይችል ተስማምተን እንኖራለን።

ታሪኩ እንዲህ ነው። በ2077 በኒውክሌር ጦርነት ዓለም ትጠፋለች። አንተ የምትጫወተው በ2281፣ ሞሃቬ በረሃ ውስጥ፣ ከላስ ቬጋስ በተረፈችው ከተማ ዙሪያ ነው። ሥራህ ፖስተኝነት ነው። አንድ ቺፕ ልታደርስ ስትሄድ ጭንቅላትህን ተመትተህ ትቀበርና ጉድስፕሪንግስ የምትባል መንደር፣ ሐኪም ቤት ውስጥ ትነቃለህ። ገንዘቡ ቆርኪ ነው። አዎ፣ የጠርሙስ ቆርኪ። ልጅ ሆኜ ሰብስቤ እናቴ የደፋችብኝ ቆርኪ እዚያ ቢሆን ኖሮ ዛሬ ይሄን ጽሑፍ ሰው ቀጥሬ ነበር የማስጽፈው።

ዋናው ከተማ ለመግባት ደግሞ 2000 ቆርኪ እንዳለህ ለበር ጠባቂዎቹ ማሳየት አለብህ። ማሳየት ብቻ ነው፣ አይወስዱብህም። ይሄን ሳይ ዓለም ከጠፋች ከ200 ዓመት በኋላም ለቪዛ የባንክ ስቴትመንት የሚጠይቅ እንዳለ ገባኝ። ስቴትመንቱ ለሌለው ፎርጅድ ፓስፖርት የሚሸጥ ሱቅ አለ። ሠሪዎቹ የሰውን ልጅ ያውቁታል።

የጌሙ ጎራዎች የሚጣሉት ለሁቨር ግድብ ነው። በእውኑም ዓለም ኮሎራዶ ወንዝ ላይ ያለ፣ በ1930ዎቹ የተሠራ ግድብ ነው። ውሃና መብራት ከዚያ ይመጣል። መብራት ሲጠፋ «የሁሉም ጠፍቷል ወይስ የእኛ ብቻ?» ብሎ በመስኮት ለሚያይ ሰው፣ ሰዎች በግድብ ለምን እንደሚጋደሉ ማስረዳት አያስፈልግም።

አንዱ ጎራ ኤን ሲ አር ነው፣ የአዲሲቷ ካሊፎርኒያ ሪፐብሊክ። ባንዲራው ላይ ሁለት ራስ ያለው ድብ አለ። ሥርዓት አመጣለሁ፣ ግብር እሰበስባለሁ ይላል። ይሄ መንግሥት ነው እንግዲህ ለእስረኞች ፈንጂ ሰጥቶ «የባቡር ሐዲድ ጠግኑ» ያለው። እስረኞቹ ምን እንዳደረጉበት መገመት አያቅትህም። ሁለተኛው የቄሳር ሌጌዎን ነው፤ የሮማ ወታደር መስሎ የሚለብስ፣ ሰው ባሪያ የሚያደርግ፣ የሚሰቅል። ሦስተኛው ሚስተር ሀውስ ነው። ከ200 ዓመት በላይ የኖረ ሀብታም፣ ቁማር ቤቱ ውስጥ ተዘግቶ በስክሪን ብቻ የሚያናግርህ። አራተኛው ደግሞ ራስህ ነህ፤ ሁሉንም አባረህ ከተማዋን ትይዛለህ።

ሁለት እግር አለኝ ተብሎ ሁለት ዛፍ ላይ አይወጣም ይባላል። ጌሙ ያቀረበልኝ አራት ዛፍ ነው። እኔም ከአራቱም ጋር ለመግባባት ወሰንኩ። ከልጅነቴ የተማርኩት ይሄንኑ ነው፣ ሌላ ሙያ የለኝም።

ችግሩ የጌሙ ሒሳብ አያያዝ ነው። ከእያንዳንዱ ጎራ ጋር ያለህ ስም በሁለት ዓምድ ይመዘገባል። በጎው ለብቻ፣ ክፉው ለብቻ። አይቀናነሱም። ዛሬ አሥር ሰው ብታድንላቸው የትናንቱ ስርቆት ከደብተሩ አይፋቅም። ስለዚህ እንደኔ ያለው ሰው በሁለቱም ዓምድ ሞልቶ ይገኛል፣ ጌሙም ለዚህ የተለየ ማዕረግ አዘጋጅቷል። «ርኅሩኅ ዱርዬ» አለ። «ልበ ለስላሳ ሰይጣን» አለ። እኔ አንዱ ጋ «ፈገግተኛ በጥባጭ» ተብያለሁ። ስክሪኑን እያየሁ ትንሽ ዝም አልኩ።

አክስቴ ደብተር የላትም እንጂ አያያዟ ይሄው ነው። በየበዓሉ ስኳርና ዘይት ይዤላት እገባለሁ፣ ሐኪም ቤት አመላልሳታለሁ፤ ያ ሁሉ በበጎው ዓምድ ይጻፋል። የባሏ ወንድም ሲሞት ልቅሶ ሳልደርስ በሦስተኛው ቀን መሄዴ ደግሞ በዚያኛው ዓምድ ተጽፎ እስከ ዛሬ አለ። ስኳሩ አላሟሟውም።

(የጌሙ ሠሪዎችም ራሳቸው ከዚህ አላመለጡም። ከመካከላቸው ክሪስ አቬሎን እንደተናገረው፣ የሃያሲዎችን ነጥብ በሚያማክለው ድረ ገጽ ላይ 85 ቢያገኙ ጉርሻ ይከፈላቸው ነበር። 84 ሆነ። በአንድ ነጥብ! አንድ ልቅሶ ያልደረሱበት ሃያሲ ነበር ማለት ነው።)

ወደ ጌሙ ልመለስ። ለሁሉም እሺ ባይነት የት እንደሚያደርስ ቶሎ ነው የሚያሳይህ። ኒፕተን የምትባል ከተማ አለች። ከንቲባው ከኤን ሲ አር ወታደርም፣ ካመለጠው እስረኛም፣ ከከፈለው ሁሉ ጋር ይሠራ ነበር። በመጨረሻ ሁሉንም አንድ ቀን ከተማው ውስጥ ሰብስቦ ለሌጌዎን ሸጣቸው። ሌጌዎኖች መጡ፣ ለነዋሪው ዕጣ አወጡ፣ ማን ይሰቀል ማን ይትረፍ በዕጣ ሆነ። ከንቲባውንም አልማሩትም። ይሄን አይቼ ደነገጥኩ። ከዚያ «እሱ ገንዘብ ወዶ ነው፣ እኔ ግን ሰው ወድጄ ነው» ብዬ ጉዞዬን ቀጠልኩ።

ከጉዞዬ ሁሉ የኮራሁበት የቄሳር ምሽግ ውስጥ የሠራሁት ነው። ቄሳር ጠርቶኝ «ከመሬቱ በታች ግባና ያለውን ሁሉ አጥፋ» አለኝ። እሺ። ወረድኩ። ታች ስደርስ ስክሪን በራና ሚስተር ሀውስ ብቅ አለ፤ ለካ ሮቦቶቹን እዚያ ደብቋቸው ነበር፤ «ቺፑን ሰካና አሻሽልልኝ» አለኝ። እሺ። ሰካሁ። መሬቱ ተንቀጠቀጠ። ወጣሁ። ቄሳር መንቀጥቀጡ ተሰምቶታል፣ አጠፋሁት አልኩት፣ አመነኝ። በአንድ ጉዞ ሁለት ምስጋና።

ይሄን ችሎታ ከየት አመጣሁት? አክስቴ «ይሄን ወረቀት ለጠበቃዬ አድርስልኝ» ትለኛለች። አጎቴ ደግሞ ይደውልና «መንገድህ ከሆነ አንዲት ፎቶ ኮፒ አስቀርልኝ» ይላል። መንገዴ ያልሆነበት ቀን የለም።

ሌላው ዘዴ ልብስ ነው። የአንዱን ጎራ ልብስ ከለበስክ ወታደሮቹ የራሳቸው ሰው ይመስላቸዋል። ውሾቹ ግን አይሸወዱም። እኔም አክስቴ ቤት ስሄድ እሷ የገዛችልኝን ሹራብ እለብሳለሁ፣ አጎቴ ቤት ስሄድ እሱ የሰጠኝን ኮት። በፋሲካ ቀን ኮቴን ለብሼ፣ ጸጉሬን አበጥሬ፣ እንደተራበ ሰው እጄን እያሻሸሁ ገባሁ። አጎቴ አመነኝ። ሚስቱ አመነችኝ። 14 ዓመት የሆነው ልጃቸው ግን አንድ ጊዜ አየኝና «ዛሬ አልራበህም እንዴ?» አለ።

ስለ ቡንም ትንሽ ላውራ። ቡን ቀይ ቆብ ያለው ተኳሽ ጓደኛህ ነው። ሌጌዎን ሚስቱን ወስደውበታል፤ ከሩቅ ሲያያቸው ሳይጠይቀኝ ይተኩሳል። ስንት ወር የገነባሁትን ገለልተኝነት በአንድ ጥይት! እንዲህ ያለ ጓደኛ ያለው ሰው ያውቀዋል። አንተ ሰላምታ ልትሰጥ ስትጎነበስ እሱ ከኋላህ ሆኖ «ይሄ ሌባ!» የሚል።

ሽምግልናም ሞክሬያለሁ። የብረት ወንድማማቾች የሚባሉ፣ መሣሪያ ሰብስበው ጉድጓድ ውስጥ የሚኖሩ ሰዎች አሉ። ኤን ሲ አር ይጥፉ ይላል፤ ግን ከተለፋበት ያስታርቋቸዋል። አስታረቅኩ። ወንበሬ ላይ ሆኜ በደስታ አጨበጨብኩ። ሚስተር ሀውስ ግን አስታራቂ የሚባል ነገር አይገባውም። ይጥፉ አለ፣ አለቀ። ሁለት መቶ ዓመት ብቻውን የበላ ሰው ምን ታደርገዋለህ? በመጨረሻ ሚስተር ሀውስ ላይ ያደረግኩትን አልናገርም፣ በዓል ነው።

አንድ ነገር ግን አመሰግነዋለሁ። ከአንዱ ጎራ ጋር ሙሉ በሙሉ ልትቆራረጥ ስትል ጌሙ ያስጠነቅቅሃል። ከዚህ በላይ ከገፋህ ቄሳር ጠላትህ ይሆናል ብሎ በጽሑፍ። ከዚያ በፊት የሠራኸውን ጥፋት ደግሞ ኤን ሲ አርም ሌጌዎንም አንድ ጊዜ፣ አንድ ጊዜ ብቻ፣ ይምሩሃል። እኛ ጋ ማስጠንቀቂያው ቡና ነው። አክስቴ አቦሉን ሰጥታኝ ቶናውን ከዘለለችኝ አንድ ነገር ሰምታለች። በረካ ላይ «ሥራ ይኖርብሃል፣ አልያዝህ» ካለችኝ ያለቀልኝ ነው።

እንዲህ እንዲህ ብዬ የቀረኝ የስ ማን ብቻ ሆነ። ስሙ እሺ ባይ ማለት ነው። ሮቦት ነው፤ ፊቱ ስክሪን ላይ የተሳለ ፈገግታ ነው። እንቢ ማለት አይችልም፣ እንዲያ ተደርጎ ነው የተቀናበረው። ገና ሰላም ስትለው የቀድሞ ጌታውን ምስጢር በሙሉ ይዘረግፍልሃል፣ ስለጠየቅከው ብቻ። ብትገድለው ሌላ ሮቦት ውስጥ ገብቶ እየሳቀ ይመለሳል። ሌሎቹ ሁሉ ሲጣሉኝ እሱ ብቻ አብሮኝ ቀረ። ስንተያይ ቆየን። እሱ ሹራብ የለውም እንጂ።

በእሱ እርዳታ ግድቡን ያዝኩ፣ ሁሉንም አባረርኩ፣ ጌሙ አለቀ። የስ ማን መጨረሻ ላይ «ከእንግዲህ ትንሽ ቆፍጠን ልል ነው፣ የሚረዳኝ ኮድ አግኝቻለሁ» አለኝ። ይሄንንም እየሳቀ።

በማግስቱ የአጎቴ ልጅ በድስት ወጥ ተልኮ መጣ። «ትናንት በደንብ አልበላህም ብሎ ነው አባዬ» አለ። ላፕቶፑን አይቶ ቁጭ አለ። የቆየ ጨዋታዬን ከፍቶ ሲያይ በየሄደበት ይተኮስበታል።

«የማን ወገን ነህ?» አለኝ።

«የማንም።»

«ታዲያ ለምንድነው ሁሉም የሚተኩሱብህ?»

ከአዲስ ጀምር ብዬው ሻይ ላፈላ ኩሽና ገባሁ። ስመለስ ገና አሥር ደቂቃ አልሞላም፣ ጉድስፕሪንግስ ውስጥ ያለ ሰው በሙሉ ያሳድደዋል። ባለሱቁ ዋጋ አልቀንስም ስላለው ተኩሶበት ነው። ልጁ እየሮጠ በሳቅ ይፈርሳል። እኔ በ15 ዓመት እንዲህ ስቄ አላውቅም።

ሲመሽ «አባዬ ድስቱን ይዘህ ና ብሏል» ብሎ ከኩሽና ይዞ ወጣ። ሸኝቼው ተመለስኩ። ሳህን ላጥብ ብዬ ስገባ የአጎቴ ድስት ከነወጡ ምድጃው ላይ ቁጭ ብሏል። የተወሰደው አክስቴ በፋሲካ ቀን የተረፈውን ወጥ «አደራ፣ ለማንም እንዳታሳይ» ብላ የሰጠችኝ፣ በልቼ አጥቤ የደፋሁት ባዶው ነው። ቢጫው።

ስልኬ ጠራ። አጎቴ ነው። ሳላነሳው ጠርቶ ጠርቶ ዘጋ። ትንሽ ቆይቶ አክስቴ ደወለች። ከስንትና ስንት ዓመት በኋላ ተነጋግረው መሆን አለበት።