የኤሚ ሳሎን፣ የፋስቢንደር ዕዳ

ኤሚ የሥራ ባልደረቦቿን ቤቷ ጠርታለች። ሞሮኳዊ አግብታለች ብለው ደረጃ ላይ ብቻዋን ምሳ እንድትበላ ያደረጓት የጽዳት ሠራተኞች ናቸው። አሁን ታርቀዋል። ባሏን አሊን መሐል ሳሎን አቁማ ክንዱን ታስነካቸዋለች፤ እነሱም እየዞሩ ጡንቻውን ይዳብሳሉ፣ የቆዳውን ልስላሴ ያደንቃሉ። አሊ ትንፍሽ ሳይል ወጥቶ ይሄዳል።

ይህ ጀርመናዊው የፊልም ዳይሬክተር ራይነር ቬርነር ፋስቢንደር ጽፎ እ.ኤ.አ. በ1974 ያቀረበው «ፍርሃት ነፍስ ይበላል» የተሰኘ ፊልም ነው። የጀርመንኛው ርዕስ ሆን ተብሎ የተሰባበረ ነው፤ አሊ እንደሚናገረው «ፍርሃት ነፍስ መብላት» ዓይነት።

ስለ ፋስቢንደር ሲወራ ቁጥሩ ይቀድማል። በ37 ዓመቱ በ1982 ሲሞት ከ40 በላይ ፊልሞች ትቶ ነበር። ደራሲ፣ ዳይሬክተር፣ ተዋናይ፣ ፕሮዲውሰር፤ ሲያሻው አርታኢም። ይህን ፊልም የቀረጸው በሁለት ሳምንት ግድም ነው። ይገርማል፤ እኔን ግን ይበልጥ የሚገርመኝ ለራሱ የመረጠው ሚና ነው። በ1969 በሌላ ፊልሙ ግሪካዊ ስደተኛ ሆኖ ተውኗል። እዚህ ደግሞ የኤሚ ልጅ ባል ነው፤ ቤት ተጎልቶ ሚስቱን ቢራ አምጪ የሚል፣ የውጭ ሠራተኛ ስም ሲነሳ ደሙ የሚፈላ ሰነፍ።

ብዙዎች ፊልሙን ስለ ዘረኛ ጎረቤቶች የተሠራ አድርገው ያዩታል። ግማሹ እውነት ነው። ጎረቤቶቹ ግን ይለዝባሉ፤ ባለሱቁ ደንበኛው ቀርቶበታል፣ ልጇ ሕፃኑን የሚጠብቅለት ይፈልጋል፣ ጎረቤቷ ምድር ቤት ዕቃ ማስቀመጫ። ከዚያ በኋላ ነው የሚብሰው። አሊ ኩስኩስ ሲያምረው፣ የምትወደው ኤሚ የጀርመንን ምግብ ልመድ ትለዋለች። ጡንቻውንም ታስዳብሳለች።

አሊን የተወነው ኤል ሄዲ ቤን ሳሌም የፋስቢንደር ፍቅረኛ ነበር፤ ካሜራ ፊት አቁሞ ገላውን ያሳየንም ራሱ ፋስቢንደር ነው። ስለዚህ የሳሎኑ ትዕይንት ኤሚን ብቻ አይከስም፤ ጸሐፊውንም ይከሳል። ሊቅ ነውና ይታለፍለት የሚሉት አያሳምኑኝም፤ ፊልሙን አንየው የሚሉትም እንዲሁ፤ የሰውየውን ጥፋት ከፊልሙ በላይ አጥርቶ የነገረን የለምና።

ሁለቱ ተለያዩ። ቤን ሳሌም ፈረንሳይ ውስጥ እስር ቤት ሳለ ሞተ።

ፊልሙ ውስጥ ሁሉም «አሊ» ይለዋል እንጂ ገጸ ባሕርዩ ረጅም ስም አለው፤ የተዋናዩ የራሱ ስም ነው፦ ኤል ሄዲ ቤን ሳሌም ምባሬክ ሞሐመድ ሙስጠፋ። ፋስቢንደር የመጨረሻ ፊልሙን ከዚሁ ሰው ጋር ለነበረው ወዳጅነት መታሰቢያ አደረገ፤ ስሙን ሳያሳጥር፣ ሙሉውን። ፊልሙ ለሕዝብ ሲታይ ሁለቱም በሕይወት አልነበሩም።