አቦ ፊትህን አሳየን!

ድሬ ላይ ሰርግ የታደመ ሰው ያውቀዋል። ዘፋኙ ሲሞቅለት አንዱ ይነሳና መቶ ብር ግንባሩ ላይ ይለጥፍለታል። ደጋ አገር ምራቅ ቢጤ ሳያስፈልግ አይቀርም፤ እዚህ ላቡ ብቻ ይበቃል። ዘፋኙም ብሩን ሳያነሳ የሸላሚውን ስም ጠርቶ ያሞግሰዋል። እኛ ከመድረክ ጋር የምንግባባው እንዲህ ነው፤ በግንባር።

ታዲያ ባለፈው ሰሞን ከዚራ አካባቢ፣ አንዲት ትንሽ አዳራሽ ውስጥ፣ አንድ ጊታሪስት ልጅ ጭምብል አጥልቆ ብቅ አለ። ከካርቶን ቆርጦ ነጭ ቀለም የቀባው ነው። ግጥም የለ፣ ዜማ የለ። ጊታሩን አንዴ ያስለቅሰዋል፣ አንዴ እንደ ባቡር ያንኳኳዋል። (የባቡር ከተማ ልጅ አይደል!) አምስት ደቂቃ ሳይሞላ ከኋላ «አቦ ፊትህን አሳየን!» ተባለ። ተሳቀ። ከዚያ ሁሉም ተቀባበለው። እኔም ጮኼያለሁ፣ አልዋሽም።

አወለቀው። ነገሩ የተበላሸውም ያኔ ነው። ዓይኑን የት እንደሚያሳርፍ ጠፋው። የሚያውቁት ልጆች ስሙን ጠሩት። ትንሽ ተቁለጭልጮ ሁላችንም የምናውቀውን የሰርግ ዘፈን ጀመረ። ደህና አድርጎ ተጫወተ፣ አጨበጨብን። ይዞት የመጣውን ግን ሳንሰማ ቀረን።

ከማን እንደቀዳው ቤት ገብቼ ሳይ ገባኝ። በኬትሄድ የሚባል አሜሪካዊ ጊታሪስት አለ። ስሙ «ባልዲ ራስ» እንደማለት ነው። ነጭ ጭምብል አጥልቆ ኬኤፍሲ የሚባለው የአሜሪካ ምግብ ቤት የተጠበሰ ዶሮ የሚሸጥበትን ባልዲ አናቱ ላይ ይደፋል። እንዲህ ሆኖ ከ2000 እስከ 2004 እ.ኤ.አ. ጋንስ ኤንድ ሮዝስ ከሚባለው የሮክ ባንድ ጋር ሠርቷል። መድረክ ላይ እምብዛም አይናገርም። ግን ጊታሩን አስቀምጦ እንደ ሮቦት ይደንሳል፣ ነንቻኩ (በሰንሰለት የተያያዙ ሁለት አጫጭር ዱላዎች) ያሽከረክራል። ከዚያ ወደ ታዳሚው ጠጋ ብሎ የልጆች መጫወቻ ያድላል። ታዳሚውም ያመጣለትን ስጦታ ያቀብለዋል።

ይቺ ነገር አልወጣ አለችኝ። እኛ ጋ ሸላሚው በስሙ ይጠራል፣ ይታያል። እዚያ ፊቱ የማይታይ ሰው ለማያውቀው ሰው መጫወቻ ይሰጣል።

ጭምብል ሰውን ያርቃል ይባላል። እኔ ግን ፊቱን ገልጦ፣ በጋርድ ተከቦ መጥቶ፣ ሁለት ዘፈን በፕሌይባክ አፉን አንቀሳቅሶ የሚሄድ ዘፋኝ አይቻለሁ። እሱ ይበልጥ ሩቅ ነው።

ጩኸታችን ከክፋት አልነበረም። ድሬ ላይ «ማነህ?» ማለት «ና ቁጭ በል» ማለትም ነው። ልጁ ግን ቁጭ ማለት አልፈለገም፤ መጫወት ነበር የፈለገው። ጭምብሉ ደግሞ ድፍረት ሰጥቶት ነበር፤ እሱን ነው የቀማነው።

ደግሞ ከሞከረ እሄዳለሁ፣ አፌን ይዤ። መቶ ብሬንም አልረሳም። ካርቶን ግን አያልበውም። ፕላስተር ልያዝ እንዴ?