እርማት፦ ክሬን ወዛደሩን አልተካውም

«ጅቡቲ ወደብ ላይ ሁሉን የሚሠራው ክሬን ነው፤ ወዛደር ቀርቷል» ላሉት ወንድማችን፦ አልቀረም። ኮንቴይነሩን እንኳ ክሬን የሚያነሣው ሠራተኞች መርከቡ ላይ ወጥተው የማሰሪያ ብረቱን ከፈቱለት በኋላ ነው። ወደ ሞረትና ወደ መንዝ ገበሬ የሚሄደው ማዳበሪያ ደግሞ በአብዛኛው የሚመጣው መርከቡ ሆድ ውስጥ እንደ አሸዋ ተዘርግፎ ነው። ማሽኑ ያፍሰዋል፤ 50 ኪሎ እየተመዘነም በጆንያ ይሞላል። ከመርከቡ ጥግ የቀረውን በአካፋ የሚሰበስበው፣ ጆንያውን ተሳቢው ላይ የሚደረድረው ግን ሰው ነው። ያውም ሐምሌ ላይ፣ እኛ ጋቢ ስንደርብ፣ እዚያ ሙቀቱ ከ40 ዲግሪ ያልፋል። ደብረ ብርሃን መጋዘን ደጅ ያንኑ ጆንያ በትከሻቸው የሚያወርዱት ልጆችስ ክሬን መሰሉዎት?